ደሙን ብቻ፦ የስክሪፕት ጸሐፊው ሺኖቡ ሐሺሞቶ ረጅም መንገድ

ጃፓናዊው ሺኖቡ ሐሺሞቶ ገና ጀማሪ ሳለ መምህሩ ማንሳኩ ኢታሚ አንድ ጥያቄ ጠየቀው፤ የሌላ ሰው ድርሰት ወደ ፊልም ጽሑፍ ለውጥ ቢሉህ እንዴት ትይዘዋለህ? ሐሺሞቶ በበሬ ምሳሌ መለሰ። በአጥር የተከበበ፣ ማምለጫ የሌለው አንድ በሬ አለ። ዘነበም ነፈሰም እየሄድኩ አየዋለሁ፤ አንድ ቀን ከፊት፣ አንድ ቀን ከጎን፣ አንድ ቀን ከኋላ። ሲመቱት የሚወድቅበትን ቦታ ያወቅሁ ዕለት አጥሩን ከፍቼ ገብቼ በአንድ ምት እጥለዋለሁ። ከዚያ አንገቱን ቆርጬ ደሙን በባልዲ ተቀብዬ ወደ ቤቴ እመለሳለሁ። የምሠራው በደሙ ነው፤ የበሬው መልክና ቁመና አያስፈልገኝም።

ኢታሚ ጥቂት አሰበና እንደዚያ ሊሆን ይችላል፣ ነገር ግን ከድርሰቱ ጋር አብሮ መሞት የሚገባበት ጊዜም አለ አለው።

ሐሺሞቶ በአውሮፓ አቆጣጠር በሚያዝያ 1918 ተወልዶ በሐምሌ 2018 በ100 ዓመቱ ሞተ። ከ70 በላይ ስክሪፕቶች ጽፏል፤ የሳሙራይ ታሪክ፣ የፍርድ ቤት ክርክር፣ የመርማሪ ፖሊስ ምርመራ፣ የጦርነት ፊልም፣ የሐኪሞች የሥልጣን ሽኩቻ፣ የተፈጥሮ አደጋ ሁሉ አሉበት። ብዙዎች ይህን አይተው ሁለገብ ይሉታል። እኔ ግን ብዙ ችሎታዎች ነበሩት አልልም። አንድ ችሎታ ነበረው፤ በሬውን እስኪበቃው ማየት። የወደቀባቸውን ሥራዎች ስንመረምር ደግሞ ወይ በሬው አልነበረም፣ ወይ አጠገቡ ተቀምጦ «ይህ ደም አይደለም» የሚለው ሰው አልነበረም።

አጀማመሩ የሆስፒታል አልጋ ላይ ነው። በ1938 ለውትድርና ተመለመለ፤ ወዲያው የሳንባ ነቀርሳ ተገኘበትና ኦካያማ ውስጥ በሚገኝ የወታደሮች ማገገሚያ አራት ዓመት ተኛ። ከጎኑ የተኛው ታማሚ የፊልም መጽሔት አዋሰው። መጽሔቱ ላይ የወጣውን ስክሪፕት አንብቦ «ይህንንማ እኔም እጽፈዋለሁ» አለ፤ ከጃፓን ስክሪፕት ጸሐፊዎች ትልቁ ማነው ብሎም ጠየቀ። ማንሳኩ ኢታሚ ነው አሉት። በቀላሉ እጽፈዋለሁ ያለው የመጀመሪያ ሥራ ሦስት ዓመት ፈጀበት፤ ስለዚያው ማገገሚያ ወታደሮች ነበር። ጨርሶ ለኢታሚ ላከው። ኢታሚም ራሱ በዚያው በሽታ የተኛ ሰው ነበርና ጉድለቱን ነቅሶ መልስ ጻፈለት። ከዚያ በኋላ ሐሺሞቶ ሂሜጂ ውስጥ በአንድ ፋብሪካ የሒሳብ ሠራተኛ ሆኖ ተቀጠረ፤ ወደ ሥራ ሲሄድና ሲመለስ ባቡር ውስጥ እየጻፈ ለመምህሩ ማሳየቱን ቀጠለ። ኢታሚ በ1946 ሲያርፍ ባለቤቱ የሐሺሞቶን ጽሑፎች ለዳይሬክተር ኪዮሺ ሳኤኪ ሰጠች፤ ከሳኤኪ እጅ ወደ ሌላው ዳይሬክተር ወደ አኪራ ኩሮሳዋ ተሻገሩ።

ከነዚያ አንዱ በሪዩኖሱኬ አኩታጋዋ የ1922 አጭር ልቦለድ ላይ የተመሠረተ ነበር። አንድ ሳሙራይ ጫካ ውስጥ ሞቶ ተገኝቷል። ሽፍታው የገደልኩት እኔ ነኝ ይላል፤ ሚስቱም እኔ ነኝ ትላለች፤ የሟቹ መንፈስ በጠንቋይ አፍ ተናግሮ ራሴን የገደልኩት ራሴ ነኝ ይላል። ሐሺሞቶ በሦስት ቀን ጻፈው፤ 200 ፊደል በሚይዝ ወረቀት 93 ገጽ ሆነ። ኩሮሳዋ ወዶታል፣ ግን ለሙሉ ፊልም አጭር ነው አለ። ሐሺሞቶ ሳያስበው «ራሾሞን»ን ብንጨምርበትስ አለ፤ እሱም የዚያው ደራሲ ሌላ አጭር ታሪክ ነው።

ቃሉ ካፉ ሲወጣ ቀላል ነበር፤ ሲሠራው ከበደው። ሁለት ሙሉ ታሪክ በአንድ ስክሪፕት ውስጥ ሲቀመጥ እያንዳንዱ የራሱን መጀመሪያና መጨረሻ ይዞ ይመጣልና አንዱ ሌላውን ይገፋዋል። የሐሺሞቶ ረቂቅ የወደቀው በዚህ ነው። በዚያ ላይ ወገቡን ታመመና ሥራውን ኩሮሳዋ ወሰደው። የኩሮሳዋ መፍትሔ የሁለተኛውን ታሪክ አካሄድ ትቶ ቦታውን ብቻ ማስቀረት ነበር፤ የፈረሰው በር፣ ዶፍ ዝናብ፣ ከዝናቡ ተጠልለው ስለ ግድያው የሚያወሩ ሦስት ሰዎች። በዋናው ታሪክ አንድ ሥራ ያጣ አገልጋይ የአንዲት አሮጊትን ልብስ ገፎ ይሮጣል፤ በፊልሙ መጨረሻ ልብሱን የሚገፈፈው የተጣለ ሕፃን ነው። ከሙሉ ታሪክ ያ አንድ ድርጊት ቀረ። ሐሺሞቶ በቃል ያስተማረውን ኩሮሳዋ በሥራ አሳየው ማለት ይቻላል። ፊልሙ «ራሾሞን» ተብሎ በ1950 ወጣ፤ በ1951 በቬኒስ ትልቁን ሽልማት ወሰደ።

ቀጥሎ ኩሮሳዋ በአንድ መስመር የተጻፈ ጭብጥ ሰጠው፤ ዕድሜው 75 ቀን የቀረው ሰው። ሥራው ምንም ሊሆን ይችላል ተባለ። ሐሺሞቶ የመንግሥት ቢሮ ሹም አደረገው፤ 30 ዓመት ወረቀት ላይ ማኅተም ሲመታ የኖረ ሰው። ከኩሮሳዋ ጋር ከ50 ገጽ በላይ ከጻፉ በኋላ ሦስተኛው ጸሐፊ ሂዴኦ ኦጉኒ ዘግይቶ መጣና አነበበው። ያለው ነገር ሥራውን ሁሉ አፈረሰው፤ ይህ ሰው መሐል ላይ መሞት አለበት። የተጻፈው ተጣለና እንደ አዲስ ተጀመረ።

ለምን ልክ ነበር? ሰውየው እስከ መጨረሻ ቢኖር ተመልካቹ ሞቱን ብቻ ይጠብቃል፤ የሠራው የልጆች መጫወቻ ሜዳም እንደ ገድል ይተረክለታል። ፊልሙ ግን ሁለት ሦስተኛው ላይ ይገድለውና ወደ ለቅሶ ቤቱ ያስገባናል። የሥራ ባልደረቦቹ እየጠጡ ያወራሉ። መጀመሪያ ሥራውን ለአለቆቹ ይሰጣሉ፤ ስካሩ ሲገባ እውነቱ ቁርጥራጭ ቁርጥራጩን ይወጣል። ለቅሶ ቤት ተቀምጦ የሚያውቅ አማርኛ ተናጋሪ ይህን ለመረዳት ማብራሪያ አያሻውም። የሟች ትክክለኛ ዋጋ የሚነገረው ከቀብር በኋላ፣ ፍራሽ ላይ፣ እርስ በርስ በሚቃረኑ አፎች ነው። የ143 ደቂቃው «ኢኪሩ» ዛሬም የሚያስለቅሰው በዚህ የአወቃቀር ውሳኔ ነው፤ ውሳኔውም የመጣው ገጾቹን ካልጻፈ ሰው ነው።

አሁን ወደ «ሰባቱ ሳሙራይ» ልምጣ፤ ለስክሪፕት ጸሐፊ ከዚህ የበለጠ ትምህርት ቤት የለምና እዚህ ላይ እቆያለሁ።

የመጀመሪያው ሐሳብ የሳሙራይ የአንድ ቀን ሕይወት ነበር። ጠዋት ተነሥቶ ወደ ጌታው ምሽግ ይሄዳል፣ ቀን ላይ ስሕተት ይፈጽማል፣ ማታ ቤቱ ተመልሶ ሆዱን ቀድዶ ይሞታል። ሐሺሞቶ ቤተ መጻሕፍት ገብቶ ወራት ፈጀ። የያዘው ነገር ትንሽ ይመስላል፤ ምሳ። በዚያ ዘመን ሳሙራይ ምሳውን ቋጥሮ ይሄድ ነበር ወይስ ምሽጉ ውስጥ ይሰጠው ነበር? በቀን ሁለት ጊዜ ነበር የሚበሉት ሦስት? ይህ ካልታወቀ ሰውየው እኩለ ቀን ላይ የት እንደሚቀመጥ፣ ከማን ጋር እንደሚያወራ አይታወቅም። ያ ካልታወቀ ትዕይንቱ አይጻፍም፤ በግምት ከተጻፈም የአንድ ቀን ታሪክ ሙሉ ኃይሉ በየሰዓቱ እውነትነት ላይ ነውና ፊልሙ በሙሉ ይላላል። መልሱ አልተገኘም። ሐሺሞቶ አልችልም አለ፤ ኩሮሳዋ ተቆጣ፤ ሥራው ቆመ።

ሁለተኛው ሐሳብ የታላላቅ ጎራዴ ተዋጊዎችን ገድል በተርታ ማሳየት ነበር። ሐሺሞቶ ረቂቁን ጽፎ ጨረሰ። ኩሮሳዋ አንብቦ የደረሰበት መደምደሚያ አጭር ነው፤ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ጫፍ ላይ የሚሄድ ታሪክ አይሆንም። እያንዳንዱ ተዋጊ የሚታወቀው በሕይወቱ ትልቁ ፍልሚያ ነው፤ ትልልቁን ብቻ ብትደረድር ተመልካቹ ሽቅብ የሚወጣበት ሜዳ ያጣል።

ሁለት ሥራ ከወደቀ በኋላ ጥያቄው ተገኘ። ጥበባቸውን ለማሳደግ አገር ላገር የሚዞሩ ሳሙራዮች ገንዘብ ሳይኖራቸው በምን ይበሉ ነበር? ፕሮዲዩሰሩ ሶጂሮ ሞቶኪ አጣርቶ መጣ። የጎራዴ ማሠልጠኛ ቤት ካገኙ እዚያ ያድራሉ፤ ቤተ መቅደስም ያስጠጋቸዋል። ሁለቱም ከሌሉ መንደር ገብተው ሌሊቱን ከሽፍታ ይጠብቃሉ፤ ገበሬው ሩዝ ያበላቸዋል። ስለዚህ ገበሬዎች ሳሙራይ ይቀጥሩ ነበር ማለት ነው! ወዲያው ስንት ይሁኑ ወደሚለው ገቡ። ሦስት አራት ያንሳል። ሰባት ተባለ። ታሪኩ ያን ጊዜ በአንድ አረፍተ ነገር አለቀ፤ ገበሬዎች ሰባት ሳሙራይ ቀጥረው ከሽፍቶች ጋር ተዋግተው ያሸንፋሉ። ልብ በሉ፣ የመጀመሪያውን ሐሳብ የገደለው የምሳ ጥያቄ ነው፤ ሦስተኛውን የወለደውም የሚበላ ነገር ጥያቄ ነው። ከወራት ንባብ የተገኘው ደም ይህ ነበር።

ሐሺሞቶ የመጀመሪያውን ረቂቅ ብቻውን ጻፈ። ኩሮሳዋ በበኩሉ ትልቅ ደብተር ከፍቶ የሰባቱን ሰዎች ማንነት ሞላበት። ቁመት፣ የጫማ አስተሳሰር፣ አረማመድ፣ ከሰው ጋር ሲገናኝ የሚሰጠው ሰላምታ፣ ከኋላ ሲጠሩት እንዴት እንደሚዞር ሁሉ ተመዘገበ። የመጨረሻውን ብቻ እንያዝ። ከኋላ ሲጠሩት አንዱ አንገቱን ብቻ ይመልሳል፤ ሌላው እጁን ጎራዴው ላይ አድርጎ ሙሉ አካሉን ያዞራል፤ ሦስተኛው ሰምቶ ዝም ይላል። ይህን የሚያውቅ ጸሐፊ ለገጸ ባሕርዩ መግቢያ ንግግር መጻፍ አያስፈልገውም። ብዙ ስክሪፕት ላይ ገጸ ባሕርዩ በዕድሜውና በሥራው ብቻ ይገለጻል፤ «ዕድሜው 35፣ ቁጡ ነጋዴ» ይባላል። በዚህ ተዋናዩ ምንም መሥራት አይችልም።

ከዚያ ሦስቱ አታሚ በምትባል የባሕር ዳር ከተማ ሆቴል ገቡ። ሥራው ከጠዋቱ 4 ሰዓት እስከ ቀኑ 11 ሰዓት ነው፤ እሑድም ሥራ አለ። ሐሺሞቶና ኩሮሳዋ ያንኑ አንድ ትዕይንት በየፊናቸው ይጽፋሉ። ኦጉኒ አይጽፍም። ራቅ ብሎ ተቀምጦ መጽሐፉን ያነባል፤ ገጽ ሲደርሰው ብቻ ያያል። ደካማ ከሆነ ይመልሰዋል፤ ጥሩ ከሆነ ያልፋል። ሐሺሞቶ ይህን ሰው እንደ መቆጣጠሪያ ማማ ነው የሚገልጸው፤ አብራሪው ያላየውን የሚያየው መሬት ላይ ያለው ነውና። ኩሮሳዋ ደግሞ ሥራውን በረጅም ሩጫ ይመስለው ነበር። አንገትህን ደፍተህ ጥቂት ሜትር ፊትህን ብቻ እያየህ ሩጥ፣ ፍጥነት አትጨምር፣ አትቁም። ከዚያ የወጣው የ207 ደቂቃ ፊልም ነው፤ ሚያዝያ 1954 ታየ።

ሐሺሞቶ በ88 ዓመቱ፣ በ2006፣ ባሳተመው ትዝታው ይህን አሠራር በነፍሳት ዓይን መስሎታል፤ ብዙ ትናንሽ ዓይኖች አንድ ነገር ያያሉ። እዚያው ላይ አሠራሩ እንዴት እንደተበላሸም በድፍረት ጽፏል። ከ«ሰባቱ ሳሙራይ» በኋላ ቡድኑ ጊዜ ለመቆጠብ የመጀመሪያውን ረቂቅ ተወው። ሁሉም ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው በቀጥታ የመጨረሻውን ጽሑፍ መጻፍ ጀመሩ። ያ ብቻውን የሚጻፍ ረቂቅ ግን ቢጣልም ሥራ ሠርቶ ነው የሚጣለው፤ ታሪኩ የት እንደሚሰነጠቅ ያሳያል። የምሳው ጥያቄ የተገኘው፣ የጎራዴዎቹ ገድል እንደማይሄድ የታወቀው በዚያ ደረጃ ነው። ደረጃው ሲቀር ስንጥቁ የሚታየው ቀረጻ ላይ ወይም ሲኒማ ቤት ውስጥ ነው። የ1955ቱ ሥራ፣ የአቶም ቦምብን ፈርቶ ቤተሰቡን ወደ ብራዚል ሊያሸሽ የሚፈልግ የፋብሪካ ባለቤት ታሪክ፣ ገበያ ላይ ወደቀ። በእኔ አስተያየት ፍርሃቱ ትልቅ ሆኖ ታሪኩ የውርስ ክርክር ሆኖ ቀርቷል፤ አንድ ሰው ለብቻው አንድ ወር ረቂቅ ላይ ቢለፋ ይህ አስቀድሞ ይታይ ነበር።

ከኩሮሳዋ ውጭ የሠራቸው በቁጥር ይበልጣሉ። በ1956 ገና ጠቅላይ ፍርድ ቤት ያለ የግድያ ጉዳይን ይዞ ተከሳሾቹ ንጹሕ ናቸው የሚል ፊልም ጻፈ፤ ሰዎቹ ነጻ የወጡት በ1968 ነው። በ1967 ደግሞ ጃፓን እጅ ከመስጠቷ በፊት የነበሩትን 24 ሰዓታት ጻፈ። ማሳኪ ኮባያሺ በ1962 የሠራው «ሐራኪሪ» ግን ቆም ያሰኛል። አንድ ድሃ ሳሙራይ በ1630 የአንድ መስፍን ግቢ መጥቶ እዚህ ሆዴን ቀድጄ ልሙት ይላል፤ ይፈቀድለትና ነጭ ምንጣፍ ላይ ይቀመጣል። ከመሞቱ በፊት ታሪኩን ይናገራል። አንገቱን እንዲመታው የሚመርጠው ሰው አሞኛል ብሎ ቀርቷል፤ ሁለተኛውም፣ ሦስተኛውም ቀርተዋል። እየጠበቅን እናዳምጣለን። እንግዲህ ምልሰት በብዙ ፊልም ውስጥ የታሪኩን ሩጫ ያስቆማል፤ እዚህ ግን ያለፈው በተነገረ ቁጥር ግቢው ውስጥ ያለው አደጋ ይጨምራል፤ ምክንያቱም ሦስቱ ሰዎች ለምን እንደቀሩ የሚያውቀው ተራኪው ብቻ ነው። ምልሰት ለመጻፍ የሚያስብ ሰው ይህን ፊልም ብዕር ይዞ ይየው።

የበሬው ምሳሌ በሙሉ ልኩ የሚታየው በ«የአሸዋ ማሰሮ» ነው። ሴይቾ ማትሱሞቶ በ1960 እና በ1961 በጋዜጣ በተከታታይ ያወጣው ረጅም የወንጀል ልቦለድ ነው። ብዙ ገጸ ባሕርያት፣ ብዙ አጋጣሚዎች፣ በድምፅ ሞገድ ሰው የሚገድል መሣሪያ ሳይቀር አለበት። ለፊልም የሚሆን አይመስልም። ሐሺሞቶ ከዮጂ ያማዳ ጋር ሲቀመጥ ያ ሁሉ ተጣለ። የያዘው አንድ አረፍተ ነገር ነው። በሥጋ ደዌ የታመመ አባት ትንሽ ልጁን ይዞ ከመንደሩ ወጥቶ ሲንከራተት ይኖራል፤ ልቦለዱ የት የት እንደሄዱ የሚያውቁት አባትና ልጅ ብቻ ናቸው ብሎ ያልፋል። ደራሲው ያለፈውን ያንን መንገድ ፊልሙ የመጨረሻ ክፍሉ አደረገው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መርማሪው በፖሊስ ስብሰባ ላይ የደረሰበትን ያስረዳል። በዚያው ሰዓት ተጠርጣሪው፣ አሁን ዝነኛ የሙዚቃ ሰው የሆነው ያ ልጅ፣ አዳራሽ ውስጥ ሥራውን ያቀርባል። በሁለቱ መካከል አባትና ልጅ በበረዶ፣ በአበባ፣ በባሕር ዳር ይሄዳሉ፤ ንግግራቸው አይሰማም። ሐሺሞቶ ይህን ከጃፓን የአሻንጉሊት ቲያትር እንደወሰደው ተናግሯል፤ ተራኪው ይተርካል፣ ሙዚቀኛው ክሩን ይመታል፣ አሻንጉሊቶቹ ይንቀሳቀሳሉ። መርማሪው ተራኪ፣ ኮንሰርቱ ክራር፣ አባትና ልጁ አሻንጉሊት ሆኑ። የሙዚቃው ኃላፊ ያሱሺ አኩታጋዋ ነበር፤ የዚያ የጫካው ግድያ ታሪክ ደራሲ ልጅ።

አንድ ትዕይንት ደግሞ ልቦለዱ ውስጥ የለም። በመጽሐፉ አባትየው ሞቷል፤ በፊልሙ በሕይወት አለ። መርማሪው ማገገሚያው ድረስ ሄዶ ያደገውን ልጅ ፎቶግራፍ ያሳየዋል። ሽማግሌው ፎቶውን ያያል፣ ይንቀጠቀጣል፣ ያለቅሳል፤ ከዚያ እንዲህ ያለ ሰው አላውቅም ብሎ ይጮኻል። መርማሪው የሚፈልገው ማስረጃ ያ ክህደት ነው፤ ልጁን ለማዳን የካደው አባት በእንባው አሳልፎ ሰጠው።

ስክሪፕቱ ተጽፎ ካለቀ በኋላ ከአሥር ዓመት በላይ ተቀመጠ። አራት ወቅት ተከትሎ መቅረጽ ወጪው ከባድ ነው፤ ጉዳዩም ስስ ነው። ሐሺሞቶ በ1973 የራሱን ድርጅት አቋቁሞ ፊልሙ በ1974 በዮሺታሮ ኖሙራ ዳይሬክተርነት ወጣ። የሕሙማኑ ማኅበር ፊልሙ መገለልን ያባብሳል ብሎ ተቃውሞ ነበርና በሽታው ዛሬ የሚድን መሆኑን የሚናገር ጽሑፍ መጨረሻው ላይ ገባ። ተቃውሞው ተገቢ ነበር፤ ጽሑፉም መግባቱ ተገቢ ነው። በዚያው ድርጅት በ1977 በሐኮዳ ተራራ በረዶ ውስጥ በ1902 ከ210 ወታደሮች 199 ያለቁበትን ታሪክ አወጣ፤ ሕዝብ ጎረፈለት።

በ1982 ራሱ ጽፎ፣ ራሱ ፕሮዲዩስ አድርጎ፣ ራሱ ዳይሬክት ያደረገው «የምናብ ሐይቅ» ግን ሦስት ሳምንት ሳይሞላው ከሲኒማ ቤት ወረደ። 164 ደቂቃ ነው። ውሻዋን የገደለባትን ሰው የምታሳድድ ሯጭ ሴት፣ የጥንት ዘመን መሳፍንት፣ በመጨረሻም የጠፈር መንኮራኩር በአንድ ፊልም ተጭነዋል። በየራሳቸው የሐሺሞቶ እጅ ይታይባቸዋል። ነገር ግን ሰባት ሳሙራይን በአንድ አረፍተ ነገር የጨረሰ ሰው ይህን ፊልም በአንድ አረፍተ ነገር መናገር አይችልም ነበር። የመጨረሻ ውሳኔ ሁሉ በእጁ ነበር፤ ገጹን የሚመልስለት ኦጉኒ አልነበረም። ከዚያ በኋላ ጤናውም ደከመ፣ ለረጅም ጊዜ ብዙ አልጻፈም።

አንድ የቆየ ነገር ግን ይዞ ነበር። በ1958 ለቴሌቪዥን የጻፈው «ዛጎል መሆን እፈልጋለሁ» ስለ አንድ የገጠር ፀጉር አስተካካይ ነው። ይዘምታል፣ በአለቃ ትእዛዝ በእስረኛ ላይ የፈጸመው ነገር ከጦርነቱ በኋላ የጦር ወንጀለኛ ያሰኘዋል፣ ይሰቀላል። ዳግም ከተወለድኩ ሰው አልሁን፣ በባሕር ጥልቅ ያለ ዛጎል ልሁን ይላል። ሐሺሞቶ በ1959 ራሱ ዳይሬክተር ሆኖ ለሲኒማ ሊሠራው ሲል ኩሮሳዋ ስክሪፕቱን አይቶ አንድ ነገር ይጎድለዋል፣ በዚህ ብቻ ሰውየው ዛጎል መሆን አይችልም አለው። ምን እንደሚጎድል አልነገረውም። ፊልሙ እንዳለ ተሠራ።

ሐሺሞቶ ያንን ቃል ግማሽ ምዕተ ዓመት ተሸክሞት ኖረ። በ2008፣ በ90 ዓመቱ፣ ስክሪፕቱ ታድሶ እንደገና ፊልም ሆነ። የጨመረው በባልና ሚስቱ ላይ ነው፤ እንዴት እንደተገናኙ፣ ምን ይዘው ተነሥተው ያችን ፀጉር ቤት እንደከፈቱ። ባሏ ከተፈረደበት በኋላ ሚስቲቱ የምሕረት ፊርማ ለማሰባሰብ በበረዶ ውስጥ ከመንደር መንደር በእግሯ ትሄዳለች። አንድ ቤት ታንኳኳለች፣ ወረቀቷን ትዘረጋለች፣ ወደሚቀጥለው ቤት ትሄዳለች።